ቃል ሳይተነፍሱ ያሳቁ ሰዎች

መስከረም 7 ቀን 1888 ዓ.ም. ዐፄ ምኒልክ የክተት አዋጅ አስነገሩ። የሸዋ ሰው በጥቅምት እኩሌታ ወረኢሉ ላይ እንዲከትት ታዘዘ። ወረኢሉ ምኒልክ ከዓመታት በፊት የጦር ሰፈርና የስንቅ ማከማቻ አድርገው ያደራጇት የወሎ ደጋ ከተማ ናት። በዚያ ጥቅምት ነፍጠኛው፣ ጋሻ ጃግሬው፣ እንጀራ ጋጋሪዋ፣ ስንቅ የተጫነው አህያና በቅሎ ሁሉ ወደዚያች ከተማ ጎረፈ። የዐድዋ መንገድ የሚቀጥለው ከዚያ ነበር።

አዋጁ በተነገረ በ17ኛው ቀን፣ መስከረም 24፣ ካንሳስ በሚባለው የአሜሪካ ግዛት፣ ፒኳ በምትባል መንደር አንድ ሕፃን ተወለደ። ወላጆቹ ከአገር አገር እየዞረ መድኃኒት ከሚቸረችር የትርኢት ቡድን ጋር የሚሠሩ ተጫዋቾች ነበሩ። ልጁ ከፍ እንዳለ አባቱ መድረክ ላይ ብድግ እያደረገ ይወረውረው ጀመር፤ ተመልካቹም በሳቅ ይፈርሳል። ልጁ አንድ ነገር ቶሎ ገባው፤ ወድቆ ሲነሳ እሱም ከሳቀ የሰዉ ሳቅ ይቀንሳል፤ ፊቱን ኮስተር ካደረገ ግን አዳራሹ ይናጋል። ያ ልጅ በስተር ኪተን ነው፤ ከ25 ዓመት በኋላ ፊቱ የማይፈታው የሲኒማ ቀልደኛ ተብሎ ዓለም ያወቀው።

ወሩ አለፈ፣ ጦሩም ከወረኢሉ ተነስቶ ወደ ሰሜን ገሠገሠ። ኅዳር 28 አምባላጌ ላይ ድል ሆነ። በታኅሣሥ የኢትዮጵያ ጦር መቀሌ ላይ የጣሊያንን ምሽግ ከቦ ሳለ፣ ፓሪስ ውስጥ ግራን ካፌ በሚባል ቡና ቤት ምድር ቤት ጥቂት ሰዎች አንድ አንድ ፍራንክ ከፍለው ጨለማ ውስጥ ተቀመጡ። ቀኑ በእነሱ ዲሴምበር 28 ቀን 1895፣ በእኛ ታኅሣሥ 19 ቀን 1888፣ የገብርኤል ዕለት ነበር። ቲኬት የቆረጡት 33 ሰዎች ብቻ ነበሩ። ወንድማማቾቹ ኦጉስትና ሉዊ ሉሚየር ያሳዩአቸው 10 አጫጭር ፊልሞች ሲሆኑ እያንዳንዳቸው አንድ ደቂቃ እንኳ አይሞሉም።

ከአሥሩ አንዱ የሲኒማ የመጀመሪያው ቀልድ ነው። አንድ አትክልተኛ በጎማ ውኃ ያጠጣል። አንድ ልጅ ከኋላው ተደብቆ መጥቶ ጎማውን ይረግጠዋል። ውኃው ቀጥ ይላል። አትክልተኛው ምን ነካው ብሎ የጎማውን አፍ ወደ ዓይኑ አስጠግቶ ሲመለከት ልጁ እግሩን ያነሳል፤ ውኃውም ፊቱ ላይ ይፈነዳል። ከዚያ ማባረር፣ መያዝ፣ መግረፍ። አትክልተኛውን ሆኖ የተጫወተው የሉሚየሮች የራሳቸው አትክልተኛ ነበር። አንድም ቃል የለም፤ ከ33ቱ ሰዎች ግን ያልገባው አልነበረም።

ኢትዮጵያ በዚያን ዘመን የምትስቀው በሌላ መንገድ ነው። የእኛ ሳቅ የአፍ ሳቅ ነበር። ያን ጊዜ በሊቅነታቸውም በቀልዳቸውም ስማቸው የገነነው አለቃ ገብረ ሐና ናቸው፤ የእሳቸው ቀልድ ቃሉን ለሁለት ሰንጥቆ ከመሃሉ ሌላ ትርጉም ማውጣት ነው። ቅኔ የተማረው በወርቁ፣ ያልተማረው በሰሙ ይስቃል። አዝማሪውም ቢሆን ጌታውን የሚሸነቁጠው በግጥም ነው። ተንቀሳቃሽ ሥዕል ያመጣው ሳቅ ግን ቋንቋ አይፈልግም፤ ሰውነትና አንድ ዕቃ ይበቃዋል።

ያ ዕቃ ማለት እንግዲህ ዘመናዊው ከተማ ያመጣው ሁሉ ነው። መጀመሪያ መኪና መጣ። እ.ኤ.አ. በ1900 እንግሊዛዊው ሴሲል ሄፕዎርዝ ሁለት አጫጭር ፊልሞች ሠራ። በአንዱ መኪናው አቧራ እያስነሳ ቀጥታ ወደ ካሜራው ይመጣና ተመልካቹን የሚድጠው ይመስላል። በሌላው መኪናው ከነተሳፋሪዎቹ ይፈነዳል፤ አንድ ፖሊስ መጥቶ ከሰማይ የሚዘንበውን እጅና እግር እየለቀመ ይደረድራል። አስፈሪ ነገር ነው፤ የለንደን ሰው ግን ሳቀበት፤ በየመንገዱ ከሚገላመጠው አዲስ ማሽን ጋር የታረቀው እንዲህ እየሳቀ ነው። አዲስ አበባ መኪና ያየችው ከዚያ ጥቂት ዓመት ቆይታ ነው። በ1900 ዓ.ም. ቤንትሌይ የተባለ እንግሊዛዊ መኪናውን እየነዳ ለምኒልክ አደረሰ። ምኒልክ ለማሽን የነበራቸው ፍቅር የታወቀ ነው፤ ስልኩም፣ የውኃ ቧንቧውም፣ ሲኒማውም ወደ አገሩ የገባው በእሳቸው ዘመን ነው። ሕዝቡ ግን በጥርጣሬ ነበር የተቀበለው። ቴዎድሮስ አደባባይ አካባቢ የነበረው ሲኒማ ቤት «ሰይጣን ቤት» ተባለ፤ ስሙም እስከ ዛሬ አልጠፋም። በጨለማ ክፍል ግድግዳ ላይ የሚሮጥ ሰው ያየ ሌላ ምን ሊለው ይችላል?

ሲኒማን ለቀልድ በወግ ያዋለችው ፈረንሳይ ናት። ማክስ ሊንደር የተባለው ተዋናይ እ.ኤ.አ. ከ1905 ጀምሮ ፓቴ ለሚባለው ኩባንያ ይሠራ ነበር። ሊንደር ባለ ሐር ባርኔጣ፣ ጫማው የሚያበራ፣ ጢሙ የተቀነደበ የፓሪስ ጎረምሳ ነው። ቀልዱ የሚመጣው ይህ የለበሰ ሰው ሲዋረድ ነው። በረዶ ላይ መንሸራተት ሊማር ሄዶ ሲንጋለል፣ ባርኔጣው ሲጨማደድ፣ ክብሩን ሊመልስ ሲነሳ ደግሞ ሲወድቅ ይታያል። ፊልሙ ከፓሪስ እስከ ሞስኮ ተሸጠ፤ ሊንደርም በዓለም ዙሪያ የታወቀ የመጀመሪያው የፊልም ኮከብ ሆነ። ቻርሊ ቻፕሊን በኋላ ፎቶውን ሲሰጠው «መምህሬ» የሚል ትርጉም ያለው ጽሑፍ ጽፎበታል።

ቀልዱ ባሕር ተሻግሮ አሜሪካ ሲደርስ ፍጥነት ጨመረ። እ.ኤ.አ. በ1912 ማክ ሴኔት የሚባል ሰው ሎስ አንጀለስ አጠገብ ኪስቶን የተባለ ስቱዲዮ ከፈተ። ሎስ አንጀለስ ያኔ በየቀኑ የምታድግ ከተማ ናት፤ አስፋልቱ አዲስ፣ መኪናው ብዙ፣ ትራፊኩ ገና ሥርዓት ያልያዘ። ሴኔት ድርሰት ሳይኖረው ተዋንያኑንና ካሜራውን ይዞ ይወጣል። ሰልፍ ካለ ሰልፉ መሃል ይገባል፤ እሳት ከተነሳ እሳቱ ጋ ይቀርጻል። የእሱ ፖሊሶች አንድ መኪና ላይ አሥር ሆነው ተጭነው፣ ኩርባ ላይ አምስቱ እየተራገፉ፣ ሌባ ይዘው የማያውቁ ናቸው። ሕግ አስከባሪው ሲወድቅ ማየት ደግሞ ለድኻው ከሁሉ የጣፈጠ ሳቅ ነው።

ወደዚህ ስቱዲዮ ነው ቻፕሊን የመጣው። የተወለደው ለንደን ውስጥ ሚያዝያ 9 ቀን 1881 ዓ.ም. ነው፤ የውጫሌ ውል ወሎ ውስጥ ከመፈረሙ 16 ቀን ቀደም ብሎ። አባቱ ጠጪ፣ እናቱ አእምሮዋን የምትታመም ነበረች፤ ልጅነቱን በከፊል ያሳለፈው በድኾች መጠለያ ውስጥ ነው። እ.ኤ.አ. በፌብሩዋሪ 1914 ሁለተኛ ፊልሙ ሲወጣ ዓለም የሚያውቀው ሰው መጀመሪያ ታየ፦ ጠባብ ኮት፣ ሰፊ ሱሪ፣ ትልቅ ጫማ፣ ትንሽ ባርኔጣ፣ እጁ ላይ ከዘራ፣ አፍንጫው ሥር ቁራጭ ጢም። ፊልሙ የተቀረጸው ቬኒስ በሚባል የካሊፎርኒያ ሰፈር የልጆች የመኪና እሽቅድምድም በሚካሄድበት ቀን ነው። ታሪኩ ይህ ብቻ ነው፤ አንድ ካሜራ ሠራተኛ ውድድሩን ሊቀርጽ ይሞክራል፣ አንድ ባለ ከዘራ ሰውዬ ደግሞ በየት በኩልም እየዞረ ካሜራው ፊት ይገተራል። ይገፉታል፣ ይመለሳል፤ ይጥሉታል፣ ባርኔጣውን አስተካክሎ ይመለሳል። ከኋላ የቆሙት ተመልካቾች የፊልም ተዋንያን አልነበሩም፤ የእውነት ውድድር ሊያዩ የመጡ ሰዎች ናቸው። መጀመሪያ ግራ ተጋብተው ያዩታል፣ ቀስ በቀስ ግን ፈገግ ሲሉ ይታያል። በባለ ከዘራው ቻፕሊን የሳቀው የመጀመሪያው ሕዝብ በዚያ ፊልም ላይ ተቀርጾ ቀርቷል።

ገንዘቡ እንደ ሳቁ ተስፋፋ። ኪስቶን በሳምንት 150 ዶላር ይከፍለው ነበር። በሁለት ዓመት ውስጥ ሚውቿል የተባለው ኩባንያ በሳምንት 10,000 ዶላር፣ ለመፈረሚያ ደግሞ 150,000 ዶላር ሰጠው። ዕድሜው 26 ነበር።

በዚያው ዓመት፣ እ.ኤ.አ. በ1916፣ በወጡት ፊልሞቹ ቻፕሊን የከተማውን ዕቃዎች አንድ በአንድ መረመራቸው። በአንዱ ትልቅ የገበያ አዳራሽ ውስጥ ተንቀሳቃሽ ደረጃ ላይ ይሮጣል፤ ደረጃው ወደ ታች፣ እሱ ወደ ላይ፣ ስንዝር ሳይራመድ ላብ በላብ ይሆናል። ዛሬም ከገጠር የመጣ ሰው አዲስ አበባ በሚገኝ የገበያ ሕንፃ ደረጃው ሥር ቆሞ የትኛውን እግሩን እንደሚያስቀድም ሲያወጣ ሲያወርድ ያየ፣ ቻፕሊን ምን እንዳየ ይገባዋል። ሌላው በኦክቶበር የወጣ ፊልም ስለ መያዣ ቤት ነው። አንድ የቸገረው ሰው የጠረጴዛ ሰዓቱን አስይዞ ገንዘብ ሊበደር ይመጣል። ቻፕሊን ሰዓቱን እንደ ሐኪም በጆሮ ማዳመጫ ያዳምጠዋል። መታ መታ ያደርገዋል። ከዚያ በቆርቆሮ መክፈቻ ይከፍተዋል፣ ያሸተዋል፣ ውስጡን በጉጠት እየጎተተ ያወጣዋል፤ ብሎኖቹ ጠረጴዛው ላይ እንደ ትል ሲርመሰመሱ ዘይት ያንጠባጥብባቸዋል። በመጨረሻ ሁሉንም ጠርጎ የሰውዬው ባርኔጣ ውስጥ ይከትና ራሱን እየነቀነቀ ይመልስለታል፤ አይሆንም፣ አንቀበልም። ድኻ ሰው በየቢሮው የሚደርስበትን ከዚህ በላይ አሳጥሮ የገለጸ ጥቂት ነው።

ያ ፊልም በወጣበት ወር፣ ጥቅምት 17 ቀን 1909 ዓ.ም.፣ የወሎው ንጉሥ ሚካኤል ሰገሌ ላይ ተሸንፈው ተማረኩ። በዚያው ዓመት ከጅቡቲ የተነሳው ባቡር አዲስ አበባ ደረሰ። ዋና ከተማዋ ከባሕር ጋር በሐዲድ ተገናኘች፤ ዕቃውም ወሬውም ከበፊቱ ፈጥኖ ይገባ ጀመር።

የድምፅ አልባው ቀልድ እውነተኛ ወርቃማ ዘመን እ.ኤ.አ. ከ1920 እስከ 1928 ያለው ነው። በስተር ኪተን «አንድ ሳምንት» የሚለውን አጭር ፊልም ይዞ ብቅ ያለው በ1920 ነው። አዲስ ተጋቢዎች በየሣጥኑ ተከፋፍሎ የመጣ ቤት በስጦታ ይደርሳቸዋል። እያንዳንዱ ሣጥን ቁጥር አለው፤ በቁጥሩ መሠረት መግጠም ነው። ልጅቱን ያጣው ተቀናቃኝ ግን ቁጥሮቹን ይለዋውጣቸዋል። ኪተን መመሪያውን አክብሮ ይሠራል፤ ቤቱም በሩ ፎቅ ላይ፣ ጣሪያው ጎን ለጎን፣ ግድግዳው የሚሽከረከር ሆኖ ይወጣል። ዝናብና ነፋስ ሲነሳ ቤቱ ከነእንግዶቹ እንደ እንዝርት ይዞራል። ቆይቶ የተሠራው በተሳሳተ ቦታ መሆኑ ይነገራቸዋል። ሲጎትቱት ሐዲድ ላይ ይቀራል። ባቡር ይመጣል። ባልና ሚስቱ ዓይናቸውን ይከድናሉ፤ ባቡሩ ግን በጎን ባለው ሐዲድ ያልፋል። እፎይ ሲሉ ከወዲያ በኩል የመጣ ሌላ ባቡር ቤቱን እንክት ያደርገዋል። ኪተን ፊቱ አይለወጥም። ፍርስራሹ ላይ «የሚሸጥ» የሚል ጽሑፍ አስቀምጦ፣ የመገጣጠሚያ መመሪያውን ጨምሮበት፣ ሚስቱን ይዞ ይሄዳል።

አዲስ አበባ በዚያው ሰሞን የራሷን ኮሜዲ ሞክራ ነበር። ሩሲያ ተምረው የመጡት ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም፣ በ1913 ዓ.ም. ገደማ «ፋቡላ፦ የአውሬዎች ኮሜዲያ» የሚለውን ተውኔት አሳዩ። በአማርኛ የመጀመሪያው ዘመናዊ ተውኔት ነው። አውሬዎች እንደ ሰው እየተናገሩ የመንግሥቱን አሠራር የሚሸነቁጥ ሥራ ነበር። መኳንንቱ አልሳቁም። ተውኔቱ በንግሥት ዘውዲቱ ዘመን ታገደ፣ ተክለ ሐዋርያትም ከዚያ በኋላ ወደ ሌላ ሥራ ዞሩ፤ የ1923 ዓ.ም.ን ሕገ መንግሥት ያረቀቁት እሳቸው ናቸው። በቃል የሚነገር ቀልድ ዘወትር ይህ ዕዳ አለበት። ቃል ይጠቀሳል፣ ይተረጎማል፣ ይከሰስበታል። ፖሊስ ሲወድቅ ያሳየ ሰው ግን «ምን አልክ?» ቢባል ምንም አላለም።

የከተማ ሕይወትን ከሁሉም አጥብቆ የያዘው ሃሮልድ ሎይድ ነው። ሎይድ እንደ ቻፕሊን ድሪቶ አልለበሰም፣ እንደ ኪተንም ፊቱ ድንጋይ አይደለም። ክብ መነጽር ያደረገ፣ ክራቫት ያሰረ፣ ሥራ ፍለጋ ከገጠር የመጣ ተራ ወጣት ነው። እ.ኤ.አ. በ1919 ለፎቶ የያዘው የውሸት ቦምብ እውነተኛ ሆኖ እጁ ላይ ፈነዳና የቀኝ እጁን አውራ ጣትና ሌባ ጣት ወሰደበት። ከዚያ በኋላ በፊልም ሁሉ ጣት የሚመስል ነገር የተሠራለት ጓንት እያጠለቀ ነው የተጫወተው።

እ.ኤ.አ. በ1923 የወጣው «ሴፍቲ ላስት» በእነዚያ ጣቶች የተሠራ ነው። ፊልሙ ሲጀምር ሎይድ ከብረት ፍርግርግ ኋላ ቆሟል፤ ከላይ የመስቀያ ገመድ ይታያል፤ እናትና እጮኛ እያለቀሱ ይሰናበቱታል፤ ቄስ ሳይቀር አለ። ካሜራው ከሌላ ወገን ሲያሳይ ግን ቦታው የባቡር ጣቢያ ነው፤ ልጁ ወደ ከተማ ሊሄድ ነው። ከተማ ደርሶ የጨርቅ መሸጫ ክፍል ውስጥ ተቀጥሮ በሳምንት 15 ዶላር ያገኛል። ለእጮኛው የሚጽፈው ግን ሹም ሆኛለሁ እያለ ነው፤ ምሳውን ጾሞ ጌጥ ይልክላታል። እሷም አምና ትመጣለች። የልጁ ጭንቀት ለወረኢሉም ሆነ ለሌላዋ የወሎ ከተማ ለመካነ ሰላም ሰው እንግዳ አይደለም። አዲስ አበባ የሄደ ልጅ ለእናቱ «ደኅና ነኝ፣ ሥራው ጥሩ ነው» ብሎ ሲደውል ስንቱን ነገር እንደሚያስቀር ቤተሰቡ ሁሉ ያውቀዋል።

ሎይድ ከዚህ ውሸት የሚወጣበት 1,000 ዶላር ለማግኘት አንድ ዘዴ ያስባል። ግድግዳ መውጣት የሚችል ጓደኛው ባለ 12 ፎቁን ሕንፃ በውጭ ይወጣል፣ ሕዝብ ይሰበሰባል፣ መደብሩም ገበያው ይደራል። በዕለቱ ግን ጓደኛውን ፖሊስ ያሳድደዋል። ጓደኛውም ሎይድን «አንድ ፎቅ ብቻ ውጣ፣ ከዚያ እተካሃለሁ» ይለዋል። አንዱ ፎቅ ሁለት ይሆናል፣ ሁለቱ ሦስት። በየመስኮቱ መከራ አለ፤ እርግቦች ይሰፍሩበታል፣ መረብ ይወድቅበታል፣ አይጥ በሱሪው ይገባል። ከላይ ደርሶ የሕንፃውን ትልቅ ሰዓት ዘንግ ሲጨብጥ የሰዓቱ ገጽ ይነቀልና ከታች መኪና በሚርመሰመስበት መንገድ ላይ ተንጠልጥሎ ይቀራል። ትዕይንቱ የተቀረጸው ሎስ አንጀለስ ውስጥ በእውነተኛ ሕንፃዎች አናት ላይ በተሠራ የሐሰት ግድግዳ ነው፤ ከሥሩ መድረክና ፍራሽ ቢኖርም ከፍታው እውነት ነበር። ጓደኛውን ሆኖ የተጫወተው ቢል ስትራዘር በእውነትም ሕንፃ መውጣት ሥራው የነበረ ሰው ነው፤ ሎይድ ሐሳቡን ያገኘው እሱ ሲወጣ አይቶ ነው።

እ.ኤ.አ. በ1928 ሎይድ ኒው ዮርክ ውስጥ በፈረስ ስለሚጎተት የመጨረሻው ትራም ፊልም ሠራ። ኪተን በዚያው ዓመት በወጣ ፊልሙ የሲኒማ ሰዎች እስከ ዛሬ የሚያወሱትን አደጋ ተጋፈጠ። በማዕበል መሃል ቆሞ ሳለ የአንድ ሙሉ ቤት ፊት ለፊት ግድግዳ ይወድቅበታል፤ እሱ የቆመው ግን በትክክል የላይኛው ክፍት መስኮት በሚያርፍበት ቦታ ነው። ግድግዳው ከባድ ነበር፤ በትከሻውና በመስኮቱ ጠርዝ መካከል የነበረው ክፍተት ጥቂት ሴንቲ ሜትር ነው። የቆመበት ቦታ በሚስማር ምልክት ተደርጎበት ነበር። ግራ ቀኝ አላለም።

ያን ጊዜ ግን ዘመኑ እያበቃ ነበር። በኦክቶበር 1927 ድምፅ ያለው ረጅም ፊልም ኒው ዮርክ ላይ ታይቶ ገበያውን ገለባበጠው። ኪተን ትልቅ ስቱዲዮ ውስጥ ተቀጥሮ የራሱን ሥራ የመወሰን ነጻነቱን አጣ። የሎይድም ፊልሞች ቀስ በቀስ ቀዘቀዙ። ሁሉም ሲያወራ አልናገርም ብሎ የጸና ቻፕሊን ብቻ ነው። እ.ኤ.አ. በ1931 ያወጣው «ሲቲ ላይትስ» ሙዚቃ እንጂ ንግግር የለውም። ማየት የተሳናት አበባ ሻጭ ድኻውን ሰውዬ ሀብታም ነው ብላ የምታስበው የመኪና በር ሲዘጋ ስለሰማች ነው። ድምፅ በሌለው ፊልም ውስጥ ታሪኩን የሚያንቀሳቅሰው አንድ ድምፅ ሆነ ማለት ነው። ቻፕሊን ያችን አጭር ትዕይንት ከ300 ጊዜ በላይ ደጋግሞ ቀርጿታል።

ቀጥሎ ያለው ታሪክ እንደገና ወደ ወሎ ይመልሰናል። ኅዳር 26 ቀን 1928 ዓ.ም. የጣሊያን አውሮፕላኖች ደሴን በቦምብ ደበደቡ። ዐፄ ኃይለ ሥላሴ የጦር መምሪያቸውን እዚያው አድርገው ነበር፤ የውጭ ጋዜጠኞችና የፊልም ቀራጮችም ከተማዋ ውስጥ ነበሩ። ከሁለት ወር በኋላ፣ ጥር 27፣ ኒው ዮርክ ውስጥ የቻፕሊን «ሞደርን ታይምስ» ተመረቀ። ያው ዘመናዊ ማሽን በአንድ ሰሞን ወሎ ላይ ቦምብ ይጥላል፣ ኒው ዮርክ ላይ ደግሞ ይሳቅበታል።

ፊልሙ የሚጀምረው በበግ መንጋ ነው። በጎቹ እየተጋፉ በጠባብ በር ይገባሉ፤ ከመካከላቸው አንዱ ብቻ ጥቁር ነው። ሥዕሉ ወዲያው ይለወጥና ሠራተኞች ከምድር ባቡር ጣቢያ እየተጋፉ ይወጣሉ። የወሎ ደጋ ሰው ይህን ለመረዳት አስተርጓሚ አያስፈልገውም። ቻፕሊን ፋብሪካ ውስጥ ሁለት መፍቻ ይዞ ከፊቱ የሚያልፈውን ብሎን ያጠብቃል። ቀበቶው ይፈጥናል፤ እጁን ካነሳ ሥራው ያመልጠዋል። ለዕረፍት ሲወጣም እጁ ማጥበቁን አይተውም፤ የሴት ቀሚስ ቁልፍ ሲያይ ብሎን መስሎት ያሳድዳል። አለቆቹ የምሳ ሰዓት ለመቆጠብ የሚያጎርስ ማሽን ይሞክሩበታል፤ ማሽኑ በቆሎ እንዲጋጥ ሲሰጠው ያብድና ጥርሱ ላይ ያሽከረክርበታል። ኋላ ራሱ በማሽኑ አፍ ገብቶ በጥርስ ጎማዎቹ መሃል ይዞራል፤ እዚያም ሆኖ ብሎን ያጠብቃል። በፊልሙ መጨረሻ ገደማ የቻፕሊን ድምፅ በሲኒማ ለመጀመሪያ ጊዜ ተሰማ። ዘፈነ፤ ቃሎቹ ግን የየትም አገር ቋንቋ አይደሉም፤ የፈጠራቸው እሱ ነው።

አዲስ አበባ በሚያዝያ 1928 ዓ.ም. መጨረሻ በጣሊያን እጅ ወደቀች። ሲኒማ ቤቶቹ በዘር ተለዩ። ከአራት ዓመት በኋላ ግን ቻፕሊን የኢትዮጵያን ወራሪ ሳይቀር መሳቂያ አደረገው። በኦክቶበር 1940 የወጣው «ታላቁ አምባገነን» በሁለት መሪዎች ላይ ያላግጣል፤ አንዱ ሂትለር፣ ሌላው ናፓሎኒ የተባለው የሙሶሊኒ አምሳያ። ፊልሙ ንግግር አለው፤ ከሁሉ የሚያስቀው ግን ንግግሩ አይደለም። ናፓሎኒ በባቡር ሲመጣ ባቡሩ ምንጣፉ የተዘረጋበት ቦታ ላይ አይቆምም። ወደ ፊት ይሄዳል፣ ወደ ኋላ ይመለሳል፤ አሽከሮቹ ምንጣፉን ተሸክመው ወዲያ ወዲህ ይሮጣሉ። ቆይቶ ሁለቱ አምባገነኖች የፀጉር ማስተካከያ ወንበር ላይ ይቀመጣሉ። አንዱ ከሌላው ከፍ ብሎ ለመታየት ወንበሩን ያስነሳል፤ ሌላውም ያስነሳል፤ ጣሪያው እስኪነካቸው ድረስ። ጣሊያን ፊልሙ እንዳይታይ አገደች። ፊልሙ ከወጣ ሰባት ወር ሳይሞላ፣ ሚያዝያ 27 ቀን 1933 ዓ.ም.፣ ንጉሠ ነገሥቱ አዲስ አበባ ገቡ።

ከዚያ በኋላ የኢትዮጵያ ኮሜዲ ወደ አፉ ተመለሰ። ጣሊያኖች ለሲኒማ ብለው የጀመሩት ሕንፃ በ1948 ዓ.ም. የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቲያትር ሆኖ ተመረቀ፤ የዛሬው ብሔራዊ ቲያትር ነው። ቴሌቪዥን በ1957 ዓ.ም. ተከፈተ። የአለባቸው ተካና የልመንህ ታደሰ ጥምረት በየቤቱ ያሳቀው በአነጋገር፣ በዘዬና በመልስ ነበር። ድምፅ አልባው ሳቅ ግን በሌላ በር ገባ። በየገጠር ከተማው የተከፈቱት ቪዲዮ ቤቶች ሚስተር ቢንን አመጡ፤ እ.ኤ.አ. ከ1990 ጀምሮ የእንግሊዝ ቴሌቪዥን ያሳየው፣ ከዕቃ ጋር እየታገለ እምብዛም አፉን የማይከፍት ሰው። እንግሊዝኛ የማይሰማው ልጅ ከሚሰማው እኩል ሳቀበት። የሚስተር ቢን አያቶች ኪተን፣ ሎይድና ቻፕሊን ናቸው።

እ.ኤ.አ. ኪተን በ1966፣ ሎይድ በ1971 አረፉ። ቻፕሊን በ1977 በፈረንጆች የገና ዕለት ስዊዘርላንድ ውስጥ ሞተ። ሞቶም ቢሆን ከቀልዱ አልወጣም፤ በ1978 ሁለት መካኒኮች ሬሳ ሣጥኑን ከመቃብር ሰርቀው ለቤተሰቡ ገንዘብ ጠየቁ። ሣጥኑ ከ11 ሳምንት በኋላ በቆሎ ማሳ ውስጥ ተቀብሮ ተገኘ።

እስከ 1929 እ.ኤ.አ. የወጡት የአሜሪካ ፊልሞች በአገራቸው ሕግ የባለቤትነት መብታቸው አብቅቷል። የኪተን «አንድ ሳምንት»፣ የሎይድ «ሴፍቲ ላስት»፣ የቻፕሊን የመያዣ ቤቱ ፊልም ኢንተርኔት ላይ በነጻ ይገኛሉ። ወረኢሉም ሆነ መካነ ሰላም ውስጥ ፕሮጀክተርና ነጭ አንሶላ ያለው ትምህርት ቤት አንድ ቅዳሜ ማታ ሊያሳያቸው ይችላል። በመሃል ብቅ የምትለዋን አጭር የእንግሊዝኛ ጽሑፍ አንድ ተማሪ ጮክ ብሎ ይተርጉማት። ጀማሪ በ«አንድ ሳምንት» ይጀምር፤ ግማሽ ሰዓት አይሞላም፣ ለመብቱ የሚከፈልም ገንዘብ የለም።